«አንቺማ ባንክ ነሽ» ሲለኝ ዝም አልኩ

ጥያቄ፦

ጤና ይስጥልኝ። ዓምድዎን ሁልጊዜ አነባለሁ፤ አንድ ቀን እኔም እጽፋለሁ ብዬ ግን አስቤ አላውቅም። ዕድሜዬ 24 ነው። ሰኔ 2016 ከመንግሥት ዩኒቨርሲቲ በአካውንቲንግ ተመረቅኩ። የመውጫ ፈተናውን በመጀመሪያው ሙከራ አልፌያለሁ፤ ውጤቴም 3.2 ነው። ይኸው አንድ ዓመት ከዘጠኝ ወር ሆነኝ፤ ሥራ የለኝም።

አዲስ አበባ የምኖረው ታላቅ እህቴ ቤት ነው። እናታችን ደጀን ናት። ጠላ ጠምቃ፣ እንጀራ ሸጣ ነው ያስተማረችን። ባለፈው ክረምት የአንድ ባንክ የጽሑፍ ፈተና አለፍኩና ደስታዬን መቻል አቅቶኝ ደወልኩላት። «እማዬ፣ ባንክ አለፍኩ!» አልኳት። እሷ የመሰላት ሥራ የገባሁ ነው። በማግስቱ ጎረቤት ሰብስባ ቡና አፈላች። ከሁለት ሳምንት በኋላ ቃለ መጠይቁ ላይ ወደቅኩ። ልነግራት ብደውል፣ ገና ድምፄን ስትሰማ «የኔ ልጅ፣ አንገቴን ቀና አደረግሽው» አለችኝ። ቃል ከአፌ አልወጣ አለ። ከዚያ ወዲህ ስምንት ወር አለፈ፤ ከእህቴና ከባሏ በቀር ዘመድ ሁሉ የባንክ ሠራተኛ ናት ብሎ ነው የሚያውቀኝ። በቀደም የአጎቴ ልጅ መንገድ ላይ አግኝቶኝ ስናወራ፣ መሥሪያ ቤታቸው ጀማሪ ሂሳብ ሠራተኛ ሲፈልግ ለጎረቤታቸው ልጅ ነግሯት እንደገባች አጫወተኝ። ፊቴ ሲለዋወጥ አይቶ መሰለኝ «አንቺማ ባንክ ነሽ» አለኝ። ዝም አልኩ።

ጠዋት ከእህቴ ልጆች ጋር እኩል ከቤት እወጣለሁ። አራት ኪሎ አብርሆት ቤተ መጻሕፍት ገብቼ ቴሌግራም ላይ ለሚወጣው ማስታወቂያ ሁሉ ሲቪ እልካለሁ። መልስ የለም። አብዛኛው ሁለት ዓመት ልምድ ይላል። የእህቴ ባል ክፉ ሰው አይደለም፤ ባለፈው ግን እራት ላይ «ዛሬስ ምን ተገኘ?» ሲለኝ የጎረስኩት አልወርድ አለኝ።

አሁን ሁለት ነገር ከፊቴ አለ። አንድ ሰው «ባንክ ውስጥ ሰው አለኝ፤ 70 ሺህ ብር ካመጣሽ በሁለት ወር ትገቢያለሽ» ብሎኛል። እህቴ ዕቁብ ደርሷታል፤ ለባሏ ሳትነግር ልትሰጠኝ ፈቃደኛ ናት። ሌላው ደግሞ፣ ጎረቤታችን መርካቶ የቧንቧ ዕቃ መደብር አላቸው፤ ካሽ ሬጅስተሩ ላይ የምትቀመጥ ልጅ ይፈልጋሉ፤ በወር 7 ሺህ ብር። ዲግሪ ይዤ ሱቅ ከገባሁ እዚያው እንዳልቀር እፈራለሁ። ደግሞስ አንድ የደጀን ነጋዴ ለግብይት መጥቶ ቢያየኝ እናቴ ምን ትሆናለች? እንቅልፍ የለኝም። እባክዎ ይምከሩኝ።

ሰ. ነኝ፣ ከአዲስ አበባ

መልስ፦

ውድ እህቴ፣

የጠየቅሽኝ ስለ 70 ሺህ ብሩና ስለ መርካቶው መደብር ነው፤ ሁለቱንም እመልስልሻለሁ። እኔን የያዘኝ ግን በጨዋታ መሃል ጣል አድርገሽው ያለፍሽው የአጎትሽ ልጅ ነገር ነው። ሥራው ነበር። የሚፈልጉት ጀማሪ ሂሳብ ሠራተኛ ነበር። ወሬው ያለው የሥጋ ዘመድሽ እጅ ነበር። ሳይነግርሽ የቀረው ጠልቶሽ ወይም ረስቶሽ አይደለም፤ ሥራ አላት ብሎ ነው።

በአገራችን ሥራ እንዴት እንደሚገኝ አንቺም ታውቂዋለሽ። ትልልቆቹ ድርጅቶች ጋዜጣና ቴሌግራም ላይ ያወጣሉ፤ ለአንዱ ቦታም የትየለሌ ሰው ያመለክታል። አንድ ሂሳብ ሠራተኛ ብቻ የምትበቃው አስመጪ፣ ክሊኒክ፣ ትንሽ ፋብሪካ ግን ማስታወቂያ አያወጣም። «የምታውቋት ታማኝ ልጅ አለች?» ብሎ ነው የሚጠይቀው። ጥያቄው የሚዞረው ለቅሶ ቤት፣ ዕቁብ ላይ፣ ማኅበር ላይ፣ ቡና ላይ ነው። እናትሽ ቡና አፍልታ ጎረቤት የሰበሰበች ዕለት፣ አንቺ ከዚያ ሁሉ ወሬ ወጣሽ። በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት አይገኝለትም የሚባለው እንዲህ ላለው ነው። ስምንት ወር ሙሉ ሥራ የፈለግሽው ከማያውቁሽ ሰዎች ብቻ ነው፤ የሚያውቁሽ ሁሉ እንደ ሥራ ፈላጊ አያዩሽምና።

ይህን ስልሽ እየወቀስኩሽ አይደለም። ዋሸሽ ለማለት ራሱ አንደበቴ አይፈታም። ያልሽው እውነት ነበር፤ ፈተናውን አልፈሻል። የቀረውን የሞላው የእናትሽ ጉጉት ነው። «አንገቴን ቀና አደረግሽው» ያለችን እናት በዚያው ደቂቃ አንገቷን ማስደፋት ለማንም ይከብዳል። እኔም ብሆን አልችለውም ነበር።

እኔም እንዳንቺ አራት ኪሎ ውያለሁ፤ አብርሆት ከመሠራቱ ከብዙ ዓመት በፊት። ጋዜጣ መግዣ ስላልነበረን በሳንቲም እንከራይ ነበር። ድንጋይ ላይ ተደርድረን ቁጭ እንልና፣ ባለጋዜጣው «ቶሎ በሉ፣ ሰው ቆሟል» እያለ ሲያጣድፈን፣ የፖስታ ሣጥን ቁጥሩን መዳፋችን ላይ እንጽፋለን። አንድ ቀን ፒያሳ ስደርስ እጄን ብገልጠው ላቡ ቁጥሩን አጥቦታል። ተመልሼ እንዳልከራይ ሳንቲም አልነበረኝም። እዚያው ቆሜ ያለቀስኩት ዛሬም ትዝ ይለኛል። ስለዚህ ጠዋት ከሕፃናቱ ጋር እኩል ስትወጪ ሆድሽ ውስጥ ያለውን ነገር አውቀዋለሁ።

አሁን ወደ ሰውየው እንምጣ። ብሩን አትስጪው። ምክንያቴን ላስረዳሽ፤ ዝም ብለሽ እንድትቀበዪኝ አልፈልግም።

ብዙዎቹ እንዲህ ያሉ ሰዎች የሚሠሩበት መንገድ ቀላል ነው። ባንክ ቅጥር ሲያወጣ ካመለከቱት መካከል ከአሥር ሰው ገንዘብ ይሰበስባሉ። ከዚያ ምንም አያደርጉም። ከአሥሩ ሁለቱ በራሳቸው ጉልበት ያልፋሉ፤ እነሱም እሱ ያስገባቸው ይመስላቸዋል፤ ለሌላውም ይመሰክሩለታል። የቀሩትን ስምንቱን «በሚቀጥለው ዙር» እያለ ያመላልሳቸዋል፤ ጥቂቱን ብር ይመልሳል ወይም ስልኩን ይቀይራል። ማን ጋ ትከሺዋለሽ? ጉቦ የተቀበለ ብቻ ሳይሆን የሰጠም በሕግ ይጠየቃል፤ እሱም የሚተማመነው በዝምታሽ ነው። እስቲ ልጠይቅሽ፦ ሰውየውን የት ነው የምታገኚው? ቢሮ አለው ወይስ ካፌ ነው የሚቀጥርሽ? አስገባኋት ያላትን አንዲት ልጅ አገናኝቶሽ ያውቃል?

ደግሞ የእህትሽን ዕቁብ አስቢው። የደረሰ ዕቁብ ዕዳ ነው። ብሩን ዛሬ ብታወጣውም ዙሩ እስኪያልቅ መክፈሏ አይቀርም፤ ያውም ባሏ ሳያውቅ። ነገሩ ቢበላሽ አንቺ ሥራ ታጫለሽ፣ እሷ ከትዳሯ ሰላም ታጣለች፣ በዚያ ቤት ማደርሽም ይከብዳል። እህትሽ ይህን ያህል ስለምትወድሽ ደስ ብሎኛል። ግን ያን ፍቅሯን በሌላ መንገድ ተቀበዪው፤ ኋላ የምነግርሽ አለ።

አንድ ነገር አትርሺ፦ የባንኩን የጽሑፍ ፈተና ያለ ማንም እጅ አልፈሻል። አብዛኛው አመልካች የሚቀረው እዚያ ነው። የወደቅሽው ቃለ መጠይቁ ላይ ነው፤ ቃለ መጠይቅ ደግሞ ይለመዳል። የትኛው ጥያቄ ላይ ነበር ያቃተሽ? ስለ ራስሽ ተናገሪ ሲሉሽ ነው ወይስ የሙያው ጥያቄ ላይ? ደብተር አውጥተሽ የምታስታውሽውን ሁሉ ጻፊው። መልሱንም ጻፊና ማታ ማታ ለእህትሽ ጮክ ብለሽ አንብቢላት። እሷ ትጠይቅሽ፣ አንቺ መልሺ። ዕቁቧን ከመስጠት ይህ ይበልጥ ይጠቅምሻል።

መርካቶን በተመለከተ፣ ፍርሃትሽን አላጣጥለውም። ስድስት ቀን ከጠዋት እስከ ማታ ካሽ ሬጅስተር ላይ ውለሽ፣ በታክሲ ሰልፍ ደክመሽ ገብተሽ፣ ሲቪ የምትልኪበት አቅም ሳይኖርሽ ዓመት ሊያልፍ ይችላል። ሲያልፍባቸውም አይቻለሁ። ስለዚህ «ዝም ብለሽ ግቢ» አልልሽም። ከመግባትሽ በፊት ግን መደብሩን በሂሳብ ሠራተኛ ዓይን ተመልከቺው።

ካሽ ሬጅስተር ያለው መደብር በየቀኑ ማታ ዜድ ሪፖርት፣ ማለትም የቀኑን ሽያጭ ድምር፣ ያወጣል። እቃ ሲገዛ ደረሰኝ አለ፤ ሲሸጥ 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስ አለ፤ በየወሩም ለገቢዎች የሚገባ የግብር ማሳወቂያ አለ። ክፍል ውስጥ በምሳሌ የሠራሽው ሁሉ እዚያ በእውነተኛ ብር ይንቀሳቀሳል። ይህን የሚሠራው ማነው? ባለቤቱ አይደሉም። አብዛኛው የመርካቶ መደብር በትርፍ ሰዓቱ የሚሠራለት ሂሳብ ሠራተኛ አለው፤ በወር መጨረሻ ብቅ ብሎ ደረሰኞቹን በፌስታል ሰብስቦ ይዞ ይሄዳል። ያ ሰው አምስትና ስድስት ድርጅት በእጁ ይኖረዋል። ጎረቤታችሁን መጀመሪያ ስለ እሱ ጠይቂያቸው። «የሂሳብ ሠራተኛው መቼ መቼ ነው የሚመጣው? ደረሰኙን በቀን በቀን ለይቼ፣ ኤክሴል ላይ መዝግቤ ባዘጋጅለት ይፈቅዱልኛል?» በያቸው። እንቢ የሚሉ አይመስለኝም፤ ሥራቸው ነው የሚቃለልላቸው።

ጊዜውም እየመጣልሽ ነው። ትልልቆቹ፣ የደረጃ «ሀ» የሚባሉት ግብር ከፋዮች የዓመት ሂሳባቸውን ዘግተው የሚያሳውቁት ከሐምሌ 1 እስከ ጥቅምት 30 ባለው ጊዜ ነው። በእነዚያ አራት ወራት የሂሳብ ባለሙያ ቢሮዎች እጅ ያጥራቸዋል፤ ደረሰኝ የሚለይ፣ የሚመዘግብ፣ ከባንክ ስቴትመንት ጋር የሚያስታርቅ ሰው ይፈልጋሉ። አሁን መጋቢት ነው። ከሚያዝያ እስከ ሰኔ የአንድ መደብር ሂሳብ በእጅሽ ከገባ፣ ሐምሌ ላይ ያ ሰውዬ ወይም ሌላ ቢሮ ጋ ሄደሽ «ይህን ሠርቻለሁ» ማለት ትችያለሽ። «ዜሮ ዓመት ልምድ» የሚለው ቃል የሚለቅሽ እንዲህ ነው።

ግን በቃል ብቻ ተስማምተሽ አትግቢ። የቅጥር ደብዳቤ ይጻፍልሽ፤ የሥራ መደቡም «ካሸርና የሂሳብ ረዳት» ቢባል ጥሩ ነው። ደመወዝሽ በፔሮል፣ በደመወዝ መክፈያው መዝገብ፣ ይመዝገብ፤ ግብሩና ጡረታው ይከፈልልሽ፤ ጡረታው ከአንቺ 7 በመቶ፣ ከአሠሪሽ 11 በመቶ ነው። ከ7 ሺህዋ ላይ ሲቀነስ እንደሚያናድድሽ አውቃለሁ። ነገር ግን ማስታወቂያዎቹን ልብ ብለሽ ካየሽ፣ ከግል ድርጅት የሚመጣ የሥራ ልምድ «የሥራ ግብር የተከፈለበት» መሆን አለበት ይላሉ። በእጅ የተሰጠሽ ብር ልምድ አይሆንሽም። ለፈተናና ለቃለ መጠይቅ ግማሽ ቀን እንዲፈቅዱልሽም ከመጀመሪያው ጠይቂ፤ ኋላ ከመዋሸት ይሻላል። የጥሬ ገንዘብ ጉድለት ቢመጣ እንዴት እንደሚታይ ቀድማችሁ ተነጋገሩ፤ ጠዋት ስትረከቢና ማታ ስታስረክቢ ቆጥረሽ አስፈርሚ። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 የሙከራ ጊዜ ከ60 የሥራ ቀን አይበልጥም፤ ያን ጊዜ አንቺም እነሱን የምትመዝኚበት አድርጊው። ሂሳቡን እንዳትነኪ ከከለከሉሽና ማሽን መጫን ብቻ ከሆነ፣ ጥቅምት 30ን ለራስሽ ገደብ አድርገሽ ያዢ።

«ዲግሪ ይዤ» ያልሽው ቃል አንገብግቦኛል። እናትሽ ጠላ ጠምቃ ያስተማረችሽ ሰው ፊት ቆመሽ ሂሳብ እንድትሠሪ ነው፤ የቧንቧ ዕቃ መደብር ደግሞ ሂሳብ አለው። እሷ ራሷ ስንት ብቅል፣ ስንት ጌሾ፣ ስንት ጣሳ እያለች በጭንቅላቷ ስትደምር አልነበር ያደግሽው?

አሁን ወደ ከባዱ። እናትሽ ማወቅ አለባት፤ ከአንቺው አፍ፣ ያውም የደጀን ነጋዴ መርካቶ አይቶሽ ከመንገሩ በፊት። ፋሲካ እየደረሰ ነው። ስትሄጂ እነግራታለሁ ብለሽ አታስቢ፤ እንግዳ በተሰበሰበበት፣ «የባንክ ሠራተኛዋ መጣች» በተባለበት ቤት ቃሉ ጨርሶ አይወጣሽም። በስልክ ንገሪያት፤ ብቻዋን በምትሆንበት ሰዓት፣ ማታ ሥራዋን ጨርሳ ስትቀመጥ። ረጅም መግቢያ አታብጂ፣ መግቢያው ያስደነግጣል። እንዲህ ብትያት ምን ይመስልሻል፦ «እማዬ፣ ደህና ነኝ፣ አልታመምኩም። አንድ ያልነገርኩሽ ነገር አለ። ባንኩ የጽሑፍ ፈተናውን አልፌ ቃለ መጠይቁ ላይ ቀረሁ። ያን ቀን በጣም ደስ ብሎሽ ስለነበር መናገር አቃተኝ። አሁን መርካቶ አንድ መደብር በሂሳብ ልጀምር ነው።» ከዚያ ዝም በይ። ልታለቅስ ትችላለች፤ ልትቆጣም ትችላለች። አታቋርጫት፣ ስልኩንም አትዝጊ።

የምታዝነው ሥራ በማጣትሽ አይመስለኝም። ስምንት ወር ሙሉ ብቻሽን በመሸከምሽ ነው። እሷም ለጎረቤት የምትለው ቃል ያስፈልጋታል፤ እሱን አብራችሁ አውጡት። «ባንኩ ቀረ፣ መርካቶ ሂሳብ ላይ ናት» ብትል እውነት ነው፤ ቀና ብላም ትናገረዋለች።

የእህትሽን ባል ጥያቄም እንደገና አስቢው። «ዛሬስ ምን ተገኘ?» ያለው ሊያሳፍርሽ ነው ወይስ የሚለው ጠፍቶት? ክፉ ሰው አይደለም ብለሻል። አንድ ቀን ሳይጠይቅሽ አንቺ ቀድመሽ ንገሪው፦ የት እንዳመለከትሽ፣ መርካቶ ምን እንዳሰብሽ። ምናልባት የሚያውቀው ሰው አለ። ከመጀመሪያ ደመወዝሽም ትንሽ ብትሆን ለቤቱ አስቤዛ አውጪ፤ ልብሽ ቀለል ይልሻል።

አብርሆት የምትውይበትን ሰዓት ደግሞ እንቀይረው። ለሁሉም ማስታወቂያ አትላኪ። በሳምንት አምስት ብቻ ምረጪ፤ ዜሮ ወይም አንድ ዓመት የሚሉትን። ለእያንዳንዱ ማመልከቻውን ለብቻው ጻፊ፣ የድርጅቱን ስምና የሥራ መደቡን ጠርተሽ። የቀረውን ሰዓት ኤክሴል ላይ አውይው። የአሥር ሠራተኛ ፔሮል ሥሪ፦ ደመወዝ፣ የሥራ ግብር፣ ጡረታ፣ የተጣራ ተከፋይ። ፒችትሪ የሚባለውን የሂሳብ ሶፍትዌር ካልሠለጠንሽ፣ የእህትሽ እርዳታ የሚውለው እዚህ ላይ ነው፤ የአጭር ጊዜ ሥልጠናው ከ70 ሺህ ጋር አይወዳደርም። ያን የፔሮል ወረቀት አትመሽ ቃለ መጠይቅ ይዘሽ ግቢ። «ልምድ አለሽ?» ሲሉሽ ከፊታቸው አስቀምጪው።

እንቅልፍ የለኝም ያልሽውን አላለፍኩትም። እናትሽን ካናገርሽ በኋላ ይመለሳል ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ። ካልተመለሰ፣ ምግብ ከዘጋሽ፣ ወይም «ባልኖር ይሻል ነበር» የሚል ሐሳብ ሽው ካለብሽ፣ በዚያው ቀን ለእህትሽ ንገሪያት። አብራችሁ በአቅራቢያችሁ ወዳለው ጤና ጣቢያ ሂዱ፤ አማኑኤል ሆስፒታልም ለዚሁ ያለ ነው። እፍረት የለውም።

ሁሉንም ባንድ ቀን ማድረግ አትችይም። ዛሬ ማታ እማዬን። ነገ ለአጎትሽ ልጅ አጭር መልእክት፦ «ባንኩ አልሆነልኝም ነበር፣ አፍሬ ነው ያልነገርኩህ። አሁንም በሂሳብ ሥራ እየፈለግኩ ነው፤ ስትሰማ አስበኝ።» ቅዳሜ ደግሞ ከጎረቤታችሁ ጋር መደብሩን ሄደሽ እዪው፤ ያ ደረሰኝ የሚሰበስበው ሰው መቼ እንደሚመጣ ጠይቂ። ምን እንዳሉሽ ጻፊልኝ፤ እጠብቃለሁ።